ቁስሉ ድረስ የሄደ ብዕር

አጎቴ ከድሬዳዋ ጡረታ ወጥቶ ቢቸና ሲገባ አንድ የቆርቆሮ ሳጥን ይዞ መጣ። እኛ ልጆቹ ገንዘብ ነው ብለን ተንሾካሾክን። ሲከፈት መጽሐፍ ሆኖ ተገኘ። አማርኛ አይደለም፣ እንግሊዝኛም አይደለም። ፈረንሳይኛ ነው። አያ (እኛ ቤት አጎቴን የምንጠራው እንዲህ ነው) ዕድሜውን የፈጀው ምድር ባቡር ነው። በዚያ ዘመን ደግሞ የምድር ባቡር ጸሐፊ ፈረንሳይኛ ካልቻለ ሥራው አይሄድለትም። ለገሃር የምንለው ቃል ራሱ የፈረንሳዮቹ «ላ ጋር» ነው፣ ባቡር ጣቢያ ማለት።

ከመጻሕፍቱ አንዱ በካኪ ወረቀት ተለብጦ፣ ጥጉ ተበልቶ፣ ጀርባው በክር ተሰፍቶ ነበር። አያ ማታ ማታ ምድጃ ዳር ቁጭ ይላል። መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ ያደርግና አንድ መስመር በፈረንሳይኛ ያነባል። ከዚያ «ምን ማለቱ መሰለህ...» ብሎ ይጀምራል። አንድ መስመር የነበረው የግማሽ ሰዓት ወሬ ይሆናል። እናቴ ቆሎ እያመሰች ታዳምጣለች፤ አንዳንዴ ወሬው ይዟት ቆሎው ያርርባታል።

የመጽሐፉ ባለቤት አልበር ሎንድር ይባላል። ጋዜጠኛ ነው። ስለ እሱ ልጽፍ ካሰብኩ ዓመታት አልፈዋል፤ ዛሬ የጻፍኩበትን ምክንያት ወደ በኋላ እደርስበታለሁ። የሱን ታሪክ ሳወራ ዓመቶቹንም ቀኖቹንም እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ውሰዱልኝ።

ሎንድር በ1884 ቪሺ በምትባል ከተማ ተወለደ። አባቱ ብረትና መዳብ ቀጥቅጦ የሚያድር ሰው ነበር። ቤተሰቡ የእንግዳ ማረፊያ ቤትም ነበረው። ልጁ ለአቅመ ሥራ ሲደርስ ሊዮን ሄዶ በአንድ የማዕድን ኩባንያ ሒሳብ ቤት ተቀጠረ። ልቡ ግን ግጥም ላይ ነበር። ወደ ፓሪስ ተሻግሮ በ1904 የመጀመሪያ የግጥም መጽሐፉን አሳተመ። በዚያው ዓመት ሴት ልጅ ወለደ፤ ፍሎሪዝ አላት። የልጅቷ እናት ግን ብዙም ሳትቆይ ሞተች። ገና በሃያ ዓመቱ ገደማ የሕፃን አባትና ሐዘንተኛ ሆነ።

የቅኔ አገር ሰው ነኝና ይሄ ግጥም የሚሉት ነገር ልቤን ይነካዋል። እኛ ጋ የቆሎ ተማሪ አኩፋዳውን አንጠልጥሎ፣ ለምዱን ለብሶ፣ ውሻ እየነከሰው ቅኔ ይማራል። አንድ ቃል ቦታዋን እስክታገኝ ሌሊቱን ሲያገላብጣት ያድራል። ሎንድርም የተማረው ከዚያ ይመስለኛል። ጋዜጣ ላይ ሲጽፍ ዓረፍተ ነገሩ አጭር ነው፣ ግን እንደ ጥሩ ቅኔ ሲጨርስ አንድ ቦታ ይወጋሃል።

ግጥሙ እንጀራ አልሆነውም። በ1906 «ለ ማተን» የሚባል ትልቅ ጋዜጣ ገባና የፓርላማ ወሬ ለቃሚ ሆነ። ከጠዋት እስከ ማታ የምክር ቤቱ መተላለፊያ ላይ ቆሞ ማን ምን አለ እያለ ይመዘግባል። የሚጽፈው ዜና ስሙ ሳይጠቀስ ነበር የሚወጣው። ስምንት ዓመት እንዲህ ሠራ። ይህን ሲነግረኝ አያ ጣቱን እየቆጠረ ነበር፤ ስምንት ዓመት ያለ ስም!

ከዚያ ጦርነቱ መጣ። እሱ ጤናው ደካማ ነው ተብሎ ከውትድርና ቀርቷል። በመስከረም 1914 የጀርመን መድፍ ራንስ ከተማ ላይ ያለውን ታላቁን ካቴድራል መታው። የፈረንሳይ ነገሥታት ዘውድ ይጭኑበት የነበረ ቤተ ክርስቲያን ነው፤ ሲቃጠል ሎንድር እዚያ ነበር። የጻፈው ጽሑፍ በስሙ ወጣ፣ ስሙ ጋዜጣ ላይ ሲታተም የመጀመሪያው መሆኑ ነው። ካቴድራሉን የመሰለበትን አልረሳውም። ከሩቅ ስታየው ቀጥ ብሎ የቆመ ወታደር ነው ይላል፤ ቀርበህ ስታየው ግን ካፖርቱን ገለጥ አድርጎ የተቀደደ ደረቱን ያሳይሃል።

አያ ይቺን ሲያነብ ድምፁ ይቀንሳል። እናቴ ታማትባለች። ቤተ ክርስቲያን ተቃጠለ ሲባል እኛ አገር ማንም ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው ታቦቱ ወጣ ወይ ብሎ ነው። እናቴም ጠየቀች፤ የፈረንጅ ታቦት የት እንደሚቀመጥ አያ ሊያስረዳት ሞከረ፣ እሷ ግን በሐሳቧ እሳቱ ውስጥ ገብታ ነበር።

«አየህ» አለኝ አያ፣ «ከሩቅ ያየ ሰው ቢሆን ቆሟል ብሎ ይጽፍ ነበር።»

ከዚያ በኋላ ሰውየው እግር አላረፈም። ሌላ ጋዜጣ ገብቶ ሰርቢያ፣ ግሪክና አልባኒያ ዞረ። በ1919 ጣሊያኖች በሰላም ውሉ እንዳልተደሰቱ ጽፎ ላከ። ይህ ለጠቅላይ ሚኒስትሩ ለክሌማንሶ አልተመቸውም፤ ሎንድር በእሱ ትእዛዝ ከሥራ ተባረረ። በ1920 ሌኒንና ትሮትስኪ ወደሚገዟት ሩሲያ ዘልቆ ገባ፣ ቀጥሎ ጃፓን፣ ቻይና፣ ሕንድ። ይህ ሁሉ ብዙ ወሬ አለው፤ እኔ ግን በፍጥነት የማልፈው ቀጥሎ ያለው ስለሚበልጥብኝ ነው።

በ1923 ወደ ጉያና ሄደ። ጉያና ደቡብ አሜሪካ ውስጥ ያለች የፈረንሳይ ግዛት ናት። ፈረንሳይ ወንጀለኞቿን በመርከብ ጭና የምትጥልበት ግዞት እዚያ ነበር። ሰው ይላካል፣ ይረሳል። ሎንድር «ካየን» በምትባለው የግዛቲቱ ዋና ከተማ ወረደና እስረኞቹን አንድ በአንድ ማናገር ጀመረ። ስምህ ማነው? ምን አደረግህ? ስንት ዓመት ሆነህ? ምን ትበላለህ? ማታ በምን ታስረህ ትተኛለህ?

ከሁሉ የባሰብኝ አንድ ሕግ ነው። «እጥፍ» ይሉታል። አንድ ሰው አምስት ዓመት ተፈርዶበት አምስቱን ቢጨርስ ወደ አገሩ አይመለስም። ሌላ አምስት ዓመት እዚያው ጉያና መኖር አለበት። ፍርዱ ስምንት ዓመትና ከዚያ በላይ ከሆነ ደግሞ ዕድሜ ልኩን እዚያው ይቀራል። ነፃ ነህ ይባላል፣ ሥራ የለም፣ ቤት የለም፣ ሰው አያስጠጋውም። ሎንድር ያገኛቸው ብዙዎቹ ነፃ የወጡት ሰዎች ከእስረኞቹ የባሰ ተርበው ነበር። እስረኛው ቢያንስ ዳቦ ይሰጠዋል።

ጽሑፉ ፓሪስ ውስጥ በተከታታይ ሲወጣ አገር ተናወጠ። መጨረሻ ላይ ለቅኝ ግዛት ሚኒስትሩ ግልጽ ደብዳቤ ጻፈ፤ ይህና ይህ ይቅር፣ ይህና ይህ ይስተካከል ብሎ በግልጽ ጠየቀ። ነገሩ በአንድ ቀን አልተለወጠም። በ1938 ሰው ወደዚያ መላክ በሕግ ቆመ፣ የመጨረሻዎቹ እስረኞች የተመለሱት በ1953 ነው። ሎንድር ሞቶ ሃያ አንድ ዓመት ካለፈው በኋላ ማለት ነው። ስንት ሰው በመሀሉ ቀረ ብዬ ሳስብ ያመኛል፤ ግን ደግሞ እሱ ባይሄድ ኖሮስ እላለሁ።

ጉያና ካገኛቸው ሰዎች አንዱ ኦዤን ድዩዶኔ ይባላል። የቤት ዕቃ የሚሠራ አናጺ ነው። ፓሪስ ውስጥ በመኪና እየዘረፈ ከሚያመልጥ ከአንድ የታወቀ የወንበዴ ቡድን ጋር ነህ ተብሎ በ1913 ሞት ተፈረደበት። የተተኮሰበት የባንክ መልእክተኛ «እሱ ነው» ብሎ መስክሮበታል። ወንበዴዎቹ ራሳቸው ግን የለበትም ብለዋል። ሞቱ ወደ ዕድሜ ልክ ግዞት ተለወጠለት። ሎንድር አነጋገረው፣ አመነው፣ ጻፈለት።

ብዙ ጋዜጠኛ እዚህ ላይ ያበቃል። ጽፌለታለሁ፣ የድርሻዬን ተወጥቻለሁ ይላል። በ1926 መጨረሻ ድዩዶኔ በአንዲት ታንኳ ከግዞት አመለጠ። ባሕሩ ገለበጣቸው፣ ጭቃው ዋጣቸው፣ እንደገና ሞከረ፣ በስንት መከራ ብራዚል ገባ። ሎንድር ይህን ሲሰማ መርከብ ተሳፍሮ ብራዚል ድረስ ሄደ። ሰውየውን ፈልጎ አገኘው። ታሪኩን ከአፉ እየሰማ ጻፈ፣ ምሕረት እንዲሰጠው ወተወተ፣ ተሳካለት፣ ይዞትም ወደ ፈረንሳይ ተመለሰ። ድዩዶኔ ፓሪስ ገብቶ እንደ ድሮው ወንበርና ቁም ሣጥን እየሠራ ኖረ።

ስለ ሎንድር ከሚወራው ሁሉ ለእኔ ትልቁ ይሄ ነው። ተመለሰ። አንድ ጊዜ ያነጋገረው ሰው ጋ፣ ከአራት ዓመት በኋላ፣ ባሕር አቋርጦ ተመለሰ።

አሁን የራሴን ልናገር። በ1994 ዓ.ም. (ይሄ የእኛ ነው) አሥራ አንደኛ ክፍል ነበርኩ። ሚኒ ሚዲያ ውስጥ እሠራ ነበር፤ ጠዋት ባንዲራ ሲሰቀል በድምፅ ማጉያ ዜና እናነባለን። የሴቶቹ መጸዳጃ ቤት በር ተነቅሎ አንድ መንፈቅ ሆኖታል። ሴቶቹ ሦስት ሦስት ሆነው ነው የሚሄዱት። ሁለቱ ነጠላቸውን እንደ መጋረጃ ዘርግተው ይይዛሉ፣ አንዷ ትገባለች፣ ከዚያ ይቀያየራሉ። ይህን ጻፍኩና አንድ ሰኞ ጠዋት በሙሉ ድምፄ አነበብኩት። ወዲያው ማይኩ ጠፋ። ቢሮ ተጠራሁ፣ የትምህርት ቤቱን ስም አጠፋህ ተባልኩ፣ ከሚኒ ሚዲያው ተባረርኩ። ቤተሰብህን አምጣ ስባል ይዤ የሄድኩት አያን ነው።

ቢሮ ውስጥ አያ ብዙ አልተናገረም። «በሩ አለ ወይስ የለም?» ብሎ ብቻ ጠየቀ። መልስ የሰጠው አልነበረም። ስንወጣ ያመሰግነኛል ብዬ ጠበቅሁ። የደብሩን ዳገት ግማሽ ያህል ዝም ብለን ከሄድን በኋላ ቆም አለ።

«ከሴቶቹ አንዷን አነጋግረሃል?»

አላነጋገርኩም። ያየሁትን ነው የጻፍኩት።

«ነጠላ ይዛ የቆመችው ልጅ ምን እንደምትል ታውቃለህ? እንዲህ ተብሎ በማይክ ሲነበብባት ምን እንደተሰማት ታውቃለህ?»

አላውቅም ነበር። በሩ በኋላ ተሠራ። ልጆቹ ግን ለሳምንታት ወንዶቹ ሲያሾፉባቸው ነበር፣ ከእነሱ አንዷ እስከ ዓመቱ መጨረሻ አላናገረችኝም። ትክክል ነገር ነው የጻፍኩት፤ ዛሬም ትክክል ነው እላለሁ። ግን ከሩቅ ጻፍኩት።

ወደ ሎንድር ልመለስ። በ1924 የፈረንሳይን ዙር የብስክሌት ውድድር ተከተለ። ሰው ሁሉ ማን ቀደመ ይላል፣ እሱ የብስክሌተኞቹን ፊት ያያል። ኩታንስ በምትባል ከተማ አንድ ካፌ ገብቶ አንሪ ፔሊሲዬን አገኘው፤ ያለፈው ዓመት አሸናፊ ነው። ወንድሙ ፍራንሲስና ሞሪስ ቪል አብረውት አሉ። ሦስቱም ውድድሩን አቋርጠው ወጥተዋል። ለምን? ጠዋት ሲነሱ ብርድ ነው፣ ማሊያ ይደራርባሉ። ፀሐይ ሲወጣ ማውለቅ አይቻልም፤ ሕጉ በለበስከው ልክ ለብሰህ ግባ ይላል። አንድ ተቆጣጣሪ መጥቶ ስንት ማሊያ እንደለበሰ ለማየት የፔሊሲዬን ልብስ ገልጦ ፈተሸው። ሰውየው ይሄ ውርደት ነው ብሎ ተወው።

ከዚያ ቦርሳውን ከፈተና ለሎንድር አሳየው። ኮኬይን ለዓይን፣ ክሎሮፎርም ለድድ፣ የእንክብል ክምር። በዚህ ነው የምንሄደው አለው። ስለ ስፖርት መድኃኒት ዛሬ ስንት ይጻፋል፣ ይሄ ግን ከመቶ ዓመት በፊት ነው፣ ቦርሳውን ከፍቶ ያሳየውም ባለቤቱ ራሱ ነው። ለምን ለሎንድር ከፈተለት? ካፌው ውስጥ አጠገቡ ተቀምጦ ስለጠየቀው ነው እንጂ ሌላ ምሥጢር የለውም።

በሚቀጥለው ዓመት የእብዶች ማቆያ ቤቶችን ዞረ። ሐኪሞቹ በር ዘጉበት፣ እሱ ግን ገባ። እዚያ የጻፈው አንድ ነገር አለ፤ ሥራችን ከእብዱ መገላገል ሳይሆን እብዱን ከእብደቱ መገላገል ነው ይላል። ጸበል ቦታ በሰንሰለት የታሰረ ወጣት አይቼ አልፌ አውቃለሁ። ይህ ዓረፍተ ነገር እግሬን ያዝ ያደርገኛል።

አያ ግን ከሁሉ የሚወደው፣ ወይም ከሁሉ የሚያመው፣ የአፍሪካውን ነበር። በ1928 ሎንድር አራት ወር ያህል በፈረንሳይ ቅኝ ግዛቶች ተዘዋወረ። ከሴኔጋል ጀምሮ እስከ ኮንጎ። ኮንጎ ውስጥ ከብራዛቪል ባሕር ዳር እስካለችው ፑዋንት ኗር ድረስ አምስት መቶ ኪሎ ሜትር የሚያልፍ የባቡር ሐዲድ እየተሠራ ነበር። ማዮምቤ በሚባለው ጫካና ተራራ ውስጥ መሿለኪያ ይቆፈራል። መሣሪያው ምንድነው? መዶሻና ዶማ ነው። ማሽን የለም፣ የጭነት መኪና የለም፣ ክሬን የለም፤ የሁሉንም ሥራ የሚሠራው ሰው ነው። ሰውየው ከሩቅ አገር ተይዞ ይመጣል፣ በጀልባ ይታጨቃል፣ ገና ሳይደርስ ያልቃል። ሎንድር የሞቱትን 17,000 ብሎ ጻፈ። ሐዲዱ ያለቀው በ1934 ነው።

አያ የምድር ባቡር ሰው ነው። ሐዲድ ሲያይ ያደገ፣ ሐዲድ ያበላው ሰው። ይህን ምዕራፍ ሲያነብ መጽሐፉን ዘግቶ ጭኑ ላይ ያደርገዋል። «እኔ ስንት ዓመት ቲኬት ስመዘግብ» ይላል፣ «የእኛን ሐዲድ ስንት ሰው እንደሞተበት ጠይቄ አላውቅም።» እኔም ከዚያ በፊት ሐዲድ ስል ብረቱን እንጂ ሰው አስቤ አላውቅም ነበር።

ፈረንሳይ ውስጥ በቅኝ ግዛቱ የሚነግዱ ሰዎችና ጋዜጦቻቸው ተነሡበት። አገር ከዳ አሉት። እሱ የመለሰላቸው በመጽሐፉ መግቢያ ላይ ነው፤ አያ በቃሉ ያውቀው ነበር፣ እኔም ከእሱ ሰምቼ በቃሌ ይዤዋለሁ፦ «የእኛ ሥራ ሰውን ማስደሰት አይደለም፣ ሰውን መጉዳትም አይደለም፤ ብዕሩን ቁስሉ ውስጥ ማስገባት ነው።»

እናቴ ይቺን ስትሰማ «በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት የለውም» አለች። አያ ሳቀ። «አንቺ በአንድ መስመር ጨረስሽው» አላት።

አንድ ማታ ደግሞ አያ ስለ 1960 ዓ.ም. አነሣ። ጎጃም አዲሱን የእርሻ ገቢ ግብር አልከፍልም ያለበት ጊዜ ነው፤ ሞጣ፣ ቢቸና፣ ደብረ ማርቆስ ዙሪያው ሁሉ ተነሥቶ ነበር። ጦር ተላከ፣ ሰው ሞተ፣ ቤት ተቃጠለ። አያ ያኔ ድሬዳዋ ነው። «የአባቴ አገር ሲነድ ሬዲዮ ከፍቼ አንድ ቃል አልሰማሁም» ይላል። ወሬው የደረሰው በአንድ ነጋዴ እጅ በመጣ ደብዳቤ ነው። ደብዳቤው ላይ ሁለት ላሞች ሄዱ፣ የእገሌ ልጅ ሞተ፣ እህል ጉድጓድ ገብቷል የሚል ነበር። ዛሬ ስለዚያ ዓመት የጻፉ ምሁራን አሉ፣ ስለ ግብሩ፣ ስለ ገዢው መነሣት ማንበብ ይቻላል። ግን እሳቱ ሳይበርድ መጥቶ፣ ላሟ የሄደችባትን ሴት ምን ልጆችሽን አበላሽ ብሎ የጠየቃት ሰው ነበር? ድሮ ነገሥታቱ «እረኛ ምን አለ?» እያሉ ይጠይቁ ነበር ይባላል፣ የአገሩን ልብ ለማወቅ። በ1960 እረኛው ምን እንዳለ አያ እስኪሞት ድረስ ይቆጨው ነበር።

የሎንድር መጨረሻ ከእኛ ብዙም አይርቅም። ከመሞቱ ጥቂት ቀደም ብሎ ቀይ ባሕርን ይዞ ጅቡቲን፣ ምጽዋን፣ ጂዳን አይቶ እስከ ባሕሬን ሄዷል። ዕንቁ ጠላቂዎችን ሲከተል ነው። ሌሎች ለሚያጌጡበት ዕንቁ ጆሯቸው የሚፈነዳና ለመርከቡ ጌታ ያለባቸው ዕዳ የማያልቅላቸው ሰዎች ናቸው። በ1932 ጃፓንና ቻይና ሻንጋይ ላይ ሲዋጉ ወደዚያ አቀና። ሲመለስ የተሳፈረባት መርከብ «ዦርዥ ፊሊፓር» ትባላለች፤ አዲስ ናት፣ የመጀመሪያ ጉዞዋ ነው። ግንቦት 16 ቀን 1932፣ ሌሊት፣ ኤደን ባሕረ ሰላጤ ውስጥ፣ ከሶማሊያው ጓርዳፉይ ቀንድ አጠገብ እሳት ተነሣባት። አብዛኛው ተሳፋሪ ተረፈ፣ አንድ የሶቪየት ነዳጅ ጫኝ መርከብ ደርሶ ብዙዎቹን አነሣ። ሃምሳ ያህል ሰዎች ጠፉ። ሎንድር ከጠፉት አንዱ ነው። ዕድሜው 47 ነበር።

ከቻይና ይዞት የመጣው ጽሑፍም አብሮት ጠፋ። መርከቡ ላይ የተወዳጃቸውና ምን እንዳገኘ ያውቃሉ የተባሉት ባልና ሚስት ከእሳቱ ተርፈው ነበር፤ ከጥቂት ቀናት በኋላ የተሳፈሩበት አውሮፕላን ጣሊያን ውስጥ ተከስክሶ ሞቱ። ከዚህ ተነሥቶ ብዙ የሴራ ወሬ ይወራል። እኔ እሱን አልከተልም። ሰውየው ዕድሜውን በሙሉ ያየውንና የጠየቀውን ብቻ ሲጽፍ ኖሮ፣ ሞቱን በግምት መሙላት ደስ አይለኝም።

ልጁ ፍሎሪዝ በአባቷ ስም ሽልማት አቋቋመች። ከ1933 ጀምሮ ለወጣት ጋዜጠኞች ይሰጣል፣ ፈረንሳይ ውስጥ ከዚህ የሚከበር የጋዜጠኛ ሽልማት የለም ይባላል።

እንግዲህ ዛሬ የጻፍኩበት ምክንያት።

ባለፈው ዓመት እዚሁ ብሎግ ላይ፣ ከማርቆስ ወጣ ብሎ ካባ ላይ ጠጠር ስለምትፈልጥ አንዲት ሴት ጽፌ ነበር። ብዙዎቻችሁ አንብባችሁታል፣ አስተያየት ሰጥታችኋል፣ አጋርታችሁታል። ክፍያዋ ሁለት ወር እንደዘገየባት፣ እጇ በድንጋይ እንደተላጠ ጻፍኩ። ከዚያ ወደ ሌላ ጉዳይ አለፍኩ። አያ ካረፈ አራት ዓመቱ ነው፤ በቀደም ሳጥኑን ስናጸዳ ያ በክር የተሰፋ መጽሐፍ ወጣ። ፈረንሳይኛ አላነብም። ግን ካኪው ላይ በእርሳስ፣ በአያ እጅ፣ በአማርኛ አንድ ቃል ተጽፏል፦ «ተመለሰ»። ከየትኛው ታሪክ እንደሆነ ወዲያው ገባኝ።

ቅዳሜ ጠዋት ካባው ጋ ሄድኩ። እዚያው ቦታዋ ላይ ነበረች፣ አንድ እግሯን ዘርግታ፣ ጆንያ አንጥፋ፣ ከጎኗ የተፈለጠው ጠጠር ተከምሯል። አወቀችኝ።

«አንተዬ፣ ጠፋህሳ!»

ይቅርታ ጠየቅኳት። ከፈሉሽ ወይ አልኳት። ግማሹን አለች። ከዚያ ስልኬን አወጣሁና የጻፍኩትን ላንብብልሽ አልኳት፤ አንድ ዓመት ሙሉ ሰው ሁሉ ሲያነበው እሷ ብቻ አልሰማችውም ነበር። መዶሻዋን አስቀመጠች፣ ሻሿን ከጆሮዋ ገለጥ አደረገች። አነበብኩላት። ዝም ብላ አዳመጠች። አጠገቧ ያሉት ሁለት ሴቶችም መፍለጣቸውን ተዉ።

ስጨርስ መጀመሪያ ያለችው ይሄን ነው።

«ሁለት ወር አይደለም ልጄ። ሰባት ሳምንት ነው። ቆጥሬዋለሁ።»

እሺ አልኩ።

«እጄን ደግሞ ድንጋዩ አይደለም የላጠው።» መዶሻዋን አንሥታ ሰጠችኝ። የእንጨቱ ዛቢያ ከመሀሉ ተሰንጥቋል፣ ስንጥቁ ላይ የተጠመጠመው ጨርቅ ጠቁሯል። ጨብጬ አንድ ጊዜ ድንጋዩን መታሁት፣ ስንጥቁ መዳፌን ቆነጠጠኝ። «አየህ? ዛቢያው ነው። ዛቢያ ይቀይሩልን ብለን ነበር የጠየቅነው። ድንጋዩስ ምን አደረገን።»

እዚያው ቁጭ ብዬ ጽሑፉን ከፈትኩ። ሁለት ወር የሚለውን ሰባት ሳምንት አልኩት። ድንጋይ የሚለውን አጥፍቼ ዛቢያ ብዬ ጻፍኩ፣ ጥያቄያቸውንም ጨመርኩበት። እስክጨርስ ጠበቀችኝ።

«አሁን አንብበው» አለችኝ።

ከመጀመሪያው ጀምሬ አነበብኩላት።